ዕቃ የሚዋሰው ሰው

የወዳጄ እናት ልጃቸው ምን ሠርቶ እንደሚያድር ሲጠየቁ «ዕቃ ይዋሳል» ነው የሚሉት። ፌዝ አይደለም፤ ያዩትን ነው የሚናገሩት። ሃያ ዓመት ሙሉ ልጃቸው ከጎረቤት ሰንዱቅ ተዋሰ፣ ፋኖስ ተዋሰ፣ የከሰል ካውያ ተዋሰ፣ የሞተ ሰው ኮት ሳይቀር ተዋሰ፤ አንዳንዱን በሳምንቱ መለሰ፣ አንዳንዱን ተሰብሮበት ገዝቶ ተካ። የሥራው መጠሪያ ግን «አርት ዳይሬክተር» ነው። ይህን ቃል ለእናቱ ለማስረዳት ስንት ጊዜ እንደሞከረ እኔ ምስክር ነኝ። «ፊልም ውስጥ የምታዪው ቤት፣ ቤት እንዲመስል የማደርገው እኔ እኮ ነኝ እማዬ» ሲላቸው፣ «ቤት ቤትን ካልመሰለ ምንን ሊመስል ነው ታዲያ?» ብለው መለሱለት። ከዚህ የተሻለ የሥራው ትርጉም እስከ ዛሬ አላነበብሁም።

ያደግነው የካ ክፍለ ከተማ፣ ፈረንሳይ ሌጋሲዮን፣ ከእንጦጦ ግርጌ ነው። እሱ በአራት ዓመት ይበልጠኛል። እኔ ተምሬ ባንክ ገባሁ፤ ቀን የሰው ገንዘብ እቆጥራለሁ፣ ማታ የራሴን ስንኝ እቋጥራለሁ። እሱ ግን ከልጅነቱ ጀምሮ እጁ ከቀለም ተለይቶ አያውቅም። መጀመሪያ የፀጉር ቤትና የምግብ ቤት ማስታወቂያ ይጽፍ ነበር፤ ቀጥሎ የሠፈራችን አማተር የቲያትር ክበብ መድረክ አሠራው፤ በ1990ዎቹ መጨረሻ የቪዲዮ ፊልም እንደ አሸን ሲፈላና በየሳምንቱ አዲስ ፊልም ሲመረቅ እሱም ከአንዱ ቀረጻ ወደ ሌላው ይዘዋወር ጀመር። ስሙን አልጽፍም፤ እንዳልጽፍ አስምሎኛል። «ስሜ ፊልሙ መጨረሻ ላይ አለ፤ የፈለገ ሰው እዚያው ያንብበው» አለኝ። እዚያ ማንም እንደማያነበው እሱም እኔም እናውቃለን።

ሥራው የሚጀምረው ከንባብ ነው። ስክሪፕቱ እጁ ሲገባ እንደ እኔና እንደ እናንተ ታሪኩን ተከትሎ አያነበውም፤ ዕቃ ዕቃውን እየለቀመ ነው የሚያነበው። ደራሲው «ሴትየዋ ቡና እያፈላች ታለቅሳለች» ብሎ ቢጽፍ እኛ የምናየው ልቅሶውን ነው። እሱ ግን ጀበናውን፣ ረከቦቱን፣ ከሰሉን፣ ማራገቢያውን፣ የተቀመጠችበትን በርጩማ ያያል። ካየ በኋላ ጥያቄው ይመጣል። ስኒው ስንት ነው? ሴትየዋ ድሀ ናት ወይስ የደኸየች? «ድሀና የደኸየ ሰው አንድ አይደሉም» ይለኛል። «የድሀ ቤት ስኒው ሁሉ ልዩ ልዩ ነው፤ አንዱ ሲሰበር ሌላው እየተገዛ የተጠራቀመ ነው። የደኸየ ሰው ቤት ስኒው ግን አንድ ዓይነት ነው፤ ብቻ ከስድስቱ የቀሩት ሦስት ናቸው።» ይህን የነገረኝ ዕለት ማታ የጻፍሁትን ግጥም ቀደድሁት። እኔ ስለ ድህነት በሃያ ስንኝ ያላልሁትን እሱ በሦስት ስኒ ብሎት ነበርና።

ዝርዝሩ ካለቀ ፍለጋው ይቀጥላል። ለእኛ ሠፈር ሰው ቅርቡ ሾላ ገበያ ነው፤ እዚያ ያጣውን መርካቶ ምናለሽ ተራ ወርዶ ከአሮጌ ብረታ ብረትና ከወላለቀ የቤት ዕቃ መካከል ይፈልጋል፤ እዚያም ያጣውን ከጎረቤት ጓዳ ይዋሳል። አሮጌው ከጠፋ አዲሱን ገዝቶ ማስረጀት ነው። ነጩ ጨርቅ በሻይ ውሃ ይዘፈዘፋል፤ እንጨቱ በብርጭቆ ወረቀት ይፋቃል፤ በግድግዳው ቀለም ላይ ጥላሸት ይታሻል። ታዲያ ጥላሸቱ እንደተገኘ አይቀባም። «ቤት የሚያረጀው ሰው በሚነካው በኩል ነው» ይላል። ከመብራት ማጥፊያው ዙሪያ፣ ከበሩ ጠርዝ፣ ከአልጋው ራስጌ፣ ሰው ተደግፎ በሚቀመጥበት ቁመት ላይ ብቻ ይቀባል። ቀሪው ግድግዳ ንጹሕ ሊሆን ይችላል። እኔም ይህን ከሰማሁ ወዲህ በገባሁበት ቤት ሁሉ የእጅ አሻራ ያረፈበትን ቦታ እፈልጋለሁ፤ በምሠራበት ባንክ መስኮት ላይ እንኳ የደንበኞች ክንድ እየተደገፈ ያደበዘዘውን እንጨት ያየሁት በእሱ ዓይን ነው።

አንድ ጊዜ ፈቃድ አግኝቶ ወደ ቀረጻ ወስዶኛል። በፊልሙ ውስጥ ሁለት ደቂቃ የማይሞላ የጠጅ ቤት ንግግር ነበር፤ ለመቅረጽ ግን ከጠዋት እስከ ማታ ፈጀ። ተዋናዮቹ ተመሳሳዩን ቃል ደጋግመው ይናገራሉ፤ ካሜራው አንዴ ከዚህ፣ አንዴ ከዚያ ይተከላል። ወዳጄ በየመሀሉ እየገባ ብርሌው ውስጥ ያለውን ይለካል። ጠጁ ጠጅ አልነበረም፤ ቀጠን ተደርጎ የተቀዳ ሻይ ነበር። ተዋናዩ በአንዱ ቀረጻ እስከ ግማሽ ጠጥቶት በሌላው ብርሌው ሙሉ ሆኖ ከታየ፣ ሁለቱ ሲገጣጠሙ ጠጁ ራሱን የሚሞላ ተአምር ይሆናል። የሻማው ቁመትም እንዲሁ ነው፤ የእንጀራው ቁራሽም እንዲሁ ነው። እንጀራው በመብራቱ ሙቀት እየደረቀ ዳሩ ሲታጠፍ ውሃ እየነፋ ያለሰልሰዋል። ሁሉንም በስልኩ ፎቶ እያነሣ ያነጻጽራል። ማታ ላይ ዳይሬክተሩ ተዋናዮቹን አቅፎ አመሰገነ፤ የካሜራ ባለሙያውን ጨበጠ። ወዳጄ በዚያ ሰዓት ብርሌዎቹን እያጠበ ነበር፤ በማግሥቱ ለባለቤቱ የሚመለሱ ናቸው።

ይህ ሥራ በአገራችን ባለቤት ያጣ ይመስላል እንጂ ሥር አልባ አይደለም። የሀገር ፍቅር ማኅበር ከተመሠረተበት ከ1927 ዓ.ም. ጀምሮ መድረክ ነበረ፤ መድረክ ካለ ደግሞ መጋረጃውን የሚስል፣ ዙፋኑን የሚያንጽ፣ ጎራዴውን ከጣውላ የሚቀርጽ ሰው መኖሩ ግድ ነው። የዛሬው ብሔራዊ ቲያትር በ1948 ዓ.ም. «ዳዊትና ኦሪዮን»ን ይዞ ሲከፈት የመጽሐፍ ቅዱሱ ንጉሥ ቤተ መንግሥት በአዲስ አበባ እምብርት ላይ መቆም ነበረበት። ጸሐፊው መኰንን እንዳልካቸው መሆናቸውን ሁላችንም እንናገራለን፤ የዳዊትን ቤት ማን አቆመው ብሎ የሚጠይቅ ግን አላጋጠመኝም። በ1950 ዓ.ም. በአለ ፈለገ ሰላም የተመሠረተው የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤትም ለአገሩ ሰዓሊ ሲያፈራ፣ ሸራ ወጥሮ መሳልና መድረክ ወጥሮ መሳል የአንድ ሙያ ሁለት እጆች ናቸው።

ወደ ፊልሙ ስንመጣ ነገሩ ይጠልቃል። በ1957 ዓ.ም. በጥቁርና ነጭ የተሠራው «ሂሩት አባቷ ማነው» የመጀመሪያው ረጅም ፊልማችን መሆኑ ይነገራል። ዛሬ ያንን ፊልም የሚያይ ሰው ከታሪኩ እኩል የሚስበው የዘመኑ አዲስ አበባ ነው፤ መኪናው፣ የሴቶቹ ፀጉር አሠራር፣ የመጠጥ ቤቱ ወንበር። ያኔ ተራ ዕቃ የነበረው አሁን ቅርስ ሆነ። ኃይሌ ገሪማ በ1966 ዓ.ም. የንጉሡ ሥርዓት ሊወድቅ ሲል «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን የቀረጸው በሁለት ሳምንት ገደማ ነው፤ ቤት ለማቆም ጊዜም ገንዘብም አልነበረውም፤ የገበሬው ጎጆ፣ የገበሬው ሞፈርና የገበሬው ቡትቶ እንዳሉ ቆመው መሰከሩ። ከሠላሳ ዓመት በኋላ «ጤዛ»ን ሲሠራ ግን የንጉሡ ዘመን፣ የደርግ ዘመንና የጀርመን ስደት በአንድ ፊልም ውስጥ መኖር ነበረባቸው፤ ያለፈ ዘመን ደግሞ እንደ ሞፈር መንገድ ላይ ቆሞ አይጠብቅም። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የስክሪፕት ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ አገኘ። ከሽልማቱ ጀርባ የግድግዳ ምስል የሰቀሉ፣ ጠመንጃ የቆጠሩ፣ መነጽር የመረጡ እጆች አሉ።

በውጭው ዓለም ሙያው ቀድሞ ስም አግኝቷል። የኦስካር ሽልማት እ.ኤ.አ. በ1929 ሲጀመር ለዚህ ሥራ የተለየ ሽልማት ነበረው፤ የወሰደውም ዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ የሚባል አሜሪካዊ ነው። ይኸው ሰው በ1939 በአንድ ትልቅ ፊልም ላይ ከወትሮው ከፍ ያለ፣ «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» የሚል ማዕርግ ተሰጠው። ፊልሙ ለእኛ እንግዳ አይደለም፤ መጽሐፉን ነቢይ መኰንን በደርግ እስር ቤት ውስጥ በሲጋራ ወረቀት ላይ ተርጉሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ የሰጠን ነው። የአትላንታ ከተማ ስትቃጠል የሚታየውን ያንን እሳት ለማንደድ ሜንዚስና ባልደረቦቹ በስቱዲዮው ግቢ የቆሙ የቀድሞ ፊልሞችን አሮጌ የቤት ግንቦች አቃጠሉ። ይህን ለወዳጄ ስነግረው ለአፍታ ዝም አለና «ለማቃጠልም'ኮ መጀመሪያ ማከማቸት ያስፈልጋል» አለኝ። እ.ኤ.አ. በ2019 ሐና ቢችለር የዋካንዳን ምናባዊ አገር በማነጽ በዚህ ዘርፍ ኦስካርን የወሰደች የመጀመሪያዋ ጥቁር ስትሆንም ፎቶዋን ላክሁለት። ፎቶውን የግድግዳ ወረቀት አድርጎ ስልኩ ላይ ለጥፎታል።

እኔና እሱን ከጎረቤትነት በላይ ያስተሳሰረን ብር ነው። ብድር አላልሁም፤ ብር፣ ወረቀቱ። በመስከረም 2013 ዓ.ም. መንግሥት የ10፣ የ50 እና የ100 ብር ኖቶችን ለውጦ 200 ብርን ሲጨምር፣ አሮጌውን ለመቀየር የተሰጠው ጊዜ ሦስት ወር ነበር። እነዚያን ወራት የባንክ ሠራተኛ የሆነ አይረሳቸውም፤ ሕዝቡ አሮጌውን ሊያስረክብ ከደጅ እስከ አስፋልት ይሰለፋል፤ እኛ ጣታችን እስኪላጥ እንቆጥራለን። ቀነ ገደቡ ሊያበቃ ሲል ወዳጄ ወደ መስኮቴ መጣ። የሚቀይር መስሎኝ እጄን ዘረጋሁ።

«ልቀይር አይደለም፤ ላስቀር ነው» አለኝ። «የትኞቹን ባስቀር ይሻላል?»

ከየዓይነቱ ለይቶ ይዟል። በጀርባው በማይክሮስኮፕ የሚመለከት ሰው ያለበት አሮጌው መቶ፣ የፋሲል ግንብ ያለበት ሃምሳ፣ መሶብ ሰፊዋ ሴት ያለችበት አሥር። ከጥቂት ቀናት በኋላ ዋጋቸው ዜሮ የሚሆን ወረቀቶች ናቸው፤ በዚያ ሰሞን ደግሞ ሲኒማ ቤቶች በወረርሽኙ ምክንያት ተዘግተው እሱ ሥራ ከፈታ ወራት ተቆጥረዋል። «ለቤት ኪራይ ይሁንህ» አልሁት። «ነገ አንዱ ዳይሬክተር በ2000 ዓ.ም. የሚተረክ ፊልም ይዞ ሲመጣ ተዋናዩ ምን ሊከፍል ነው? አዲሱን መቶ?» ብሎ ሳቀ። እውነቱን ነው። ገንዘብ የዘመን ሰዓት ነው። እስከ 1968 ዓ.ም. ብሩ ላይ የንጉሡ ምስል ነበረ፤ በ1969 ዓ.ም. ደርግ ሲለውጠው የንጉሥ ፊት በነበረበት ስፍራ ስሙ የማይታወቅ ልጅና መሶብ የምትሰፋ ሴት መጡ። አንድ ተዋናይ ከኪሱ የተሳሳተውን ብር ቢያወጣ የፊልሙ ዘመን በአንድ ቅጽበት ይፈርሳል። በትዕይንቱ ላይ እስር ብር ካስፈለገ ከላይ የሚታየው አንድ ኖት ብቻ እውነተኛ ነው፤ ከሥሩ ያለው በልኩ የተቆረጠ ባዶ ወረቀት ነው። ያኔ በመስኮቱ በኩል መልሼ የሰጠሁት ኖቶች በባንኩ መዝገብ ላይ የሉም፤ ዛሬ በብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ ተቀምጠዋል፤ በሕግ ፊት ዋጋ የላቸውም።

እንጦጦን እንደ አዲስ እንዳየው ያደረገኝም እሱ ነው። አንድ እሑድ ከሌጋሲዮን ሽቅብ በእግራችን ወጣን። እንጨት ተሸካሚ ሴቶች ከቁመታቸው የረዘመ ሸክም አዝለው ቁልቁል ያልፋሉ፤ ባሕር ዛፉ ያፏጫል፤ ቅጠሉ ከእግራችን በታች ይንኮሻኮሻል። የእንጦጦ ሰው ለሆንን ለእኛ ይህ ሽታ ተራራው ራሱ ነው። «አሁን የምኒልክን ንግሥ እዚህ ቅረጽ ብትባል ምን ታደርጋለህ?» ብሎ ጠየቀኝ። ቤተ ክርስቲያኗ አለች፣ የቤተ መንግሥቱ ቤቶች አሉ፤ ካሜራውን መትከል ብቻ አይደለምን?

አይደለም። ምኒልክ በእንጦጦ ማርያም የነገሡት በጥቅምት 1882 ዓ.ም. ነው። ባሕር ዛፍ ወደ አገሩ የገባው ግን ከዚያ በኋላ፣ በ1880ዎቹ መጨረሻ ገደማ፣ ከተማይቱ ማገዶ አጥታ በተጨነቀች ጊዜ ነው። እኛ የእንጦጦ መልክ ነው የምንለው ሁሉ በንግሡ ዕለት በስፍራው አልነበረም። ተራራው ራሱ የተሳሳተ ልብስ ለብሷል። እውነተኛውን ዘመን የሚፈልግ ባለሙያ ጽድና ወይራ የቀሩበትን የቤተ ክርስቲያን ግቢ እየመረጠ፣ ካሜራው ባሕር ዛፉን እንዳያይ በመጋረጃ፣ በድንኳንና በሕዝብ እየጋረደ መሥራት አለበት። በ2013 ዓ.ም. የእንጦጦ ፓርክ ከተከፈተ ወዲህ ደግሞ አስፋልቱና መብራቱ ተጨምሯል። እዚያው ቆመን ቁልቁል ስናይ የካ፣ ኮተቤና መገናኛ በጭጋግ ውስጥ ተዘርግተው ይታያሉ፤ ሕንፃው በሕንፃ ላይ ተደርድሯል። «የእኔ ሥራ ዕቃ ማምጣት ይመስልሃል» አለኝ፤ «ግማሹ ዕቃ መደበቅ ነው።»

ይህን አባባል ይዤ የማውቃቸውን ፊልሞች መለስ ብዬ አየኋቸው። እ.ኤ.አ. በ2014 ሰንዳንስና በርሊን ላይ የተመልካቾችን ሽልማት ያገኘው የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ታሪኩ የሚፈጸመው በ1988 ዓ.ም. ነው። ሩቅ ዘመን አይመስልም፤ ነገር ግን በዚያ ዓመት በአገራችን የእጅ ስልክ አልነበረም። በአዲስ አበባ ጎዳና አንድ አላፊ አግዳሚ ስልክ ጆሮው ላይ ደግኖ ካሜራው ውስጥ ቢገባ የዚያች የተጠለፈች ልጅ ታሪክ ተዓማኒነቱ ይሸረፋል። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው የሞገስ ታፈሰ «ቁራኛዬ» ደግሞ ወደ ንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ይወስደናል፤ ከሳሽና ተከሳሽ በአንድ ሰንሰለት ተቆራኝተው ፍትሕ ፍለጋ ወደ ችሎት ይጓዛሉ። በዚያ ፊልም ውስጥ ዋናው «ዕቃ» ሰንሰለቱ ነው። ሲራመዱ የሚያሰማው ድምፅ፣ ሲተኙ የሚይዘው ስፍራ፣ ሁለቱ ሰዎች ሳይወዱ የሚለኩበት ርቀት ሁሉ ከእሱ የተወለደ ነው። ደራሲው «ተቆራኙ» ብሎ በአንድ ቃል ያልፈዋል፤ የሰንሰለቱን ርዝመት የሚወስን ግን ሌላ ሰው ነው።

አሁን ስለ እናቴ ጀበና ልናገር። ወዳጄ ከቤታችን የተዋሰው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ጆሮው ወልቆ በሽቦ የታሰረ፣ አንገቱ ላይ ጥቀርሻ የጠጣ አሮጌ ጀበና ነበር። እናቴ አፍራ «አዲሱን ውሰድ እንጂ ልጄ፤ ይህን ይዘህ ሰው ፊት?» አለችው። «እማማ፣ የምፈልገው ይኸን ነው» አላት። ሽቦውን ያሰረችው እሷ መሆኗን፣ እንዴት አድርጋ እንዳሰረችው ሳይቀር ጠይቆ በማስታወሻው ጻፈ። ሲመልሰው ግማሽ ኪሎ ቡና ጨምሮ መለሰው። ፊልሙ ሲመረቅ እናቴ በሕይወት አልነበረችም፤ ጀበናውም ከእሷ በኋላ ብዙ አልቆየም፤ ቤት ስንቀይር ተሰበረ። እኔም አዳራሹ ውስጥ ተቀምጬ ፊልሙን ሳይ፣ አንዲት የማላውቃት ተዋናይት ያንን ሽቦ በአውራ ጣቷ ደገፍ አድርጋ፣ እናቴ ታደርገው እንደነበረው፣ ቡና ቀዳች። እንደዚያ እንድትይዘው የነገራት ማን እንደሆነ አውቃለሁ። አጠገቤ የተቀመጡት ሰዎች ግን የተዋናይቱን ዕንባ ነበር የሚያዩት፤ ማየትም የሚገባቸው እሱኑ ነበር። በዚያ ሌሊት እነዚህን ስድስት ስንኞች ጻፍሁ።

ጆሮው የወለቀ፣ የእናቴ ጀበና፣
ከጓዳ ተጠርቶ፣ ቀን ወጣለትና፣
በነጩ ሸራ ላይ፣ ሲያበራ አየሁት፤
ያመጣውን እጅ ግን፣ ፈልጌ አጣሁት።
መብራቱ ቢበራ፣ ሰው ቢነሣ ሊሄድ፣
እኔስ ቁጭ ብያለሁ፣ ስሙ እስኪወርድ።

ግጥሙን አንብቤለት «ጥሩ ነው፤ ግን ስሙ አይወርድም፣ ከታች ወደ ላይ ነው የሚወጣው» ብሎ አረመኝ። ለቤት መምቻው ብዬ እንደነበረ ተውሁት።

ኑሮውን በተመለከተ የማጋንነው የለኝም። በአንድ ፊልም ላይ አርቱን፣ አልባሳቱንና ዕቃ ግዢውን አንድ ሰው ጠቅልሎ ይሠራል። ክፍያው በሁለት በሦስት ይከፈላል፤ የመጨረሻው ክፍል «ፊልሙ ሲታይ» ይባላል፤ ፊልሙ ታይቶም ሳይመጣ የቀረበት ጊዜ አለ። ስለዚህ በሠርግ ወራት አዳራሽ ያስጌጣል፤ በመካከሉ የሙዚቃ ክሊፕና የንግድ ማስታወቂያ ይሠራል። ለአንድ የሳሙና ማስታወቂያ ነጭ ግድግዳ አቁሞ ያገኘው ገንዘብ ለአንድ ሙሉ ፊልም ከተከፈለው እንደሚበልጥ ነግሮኛል። ፊልሙም ከሲኒማ ቤት ወደ ዩቲዩብ እየዞረ ሲሄድ፣ የመጨረሻዎቹ ስሞች ብቅ ሲሉ ተመልካቹ ወደ ሌላው ይሻገራል። እሱ ግን በዚህ አያዝንም። የሚያሳዝነው ሌላ ነው።

ካራ አካባቢ በተከራየው የቆርቆሮ ቤት ውስጥ ሃያ ዓመት ያጠራቀመው አለ። የሽቦ አልጋ፣ ዳንቴል የለበሰ ሬዲዮ፣ አበባ የተሣለበት ፔርሙዝ፣ ማሾ፣ የደርግ ዘመን የግድግዳ ምስሎች፣ የቀን መቁጠሪያዎች፣ ጋዜጣ የተለጠፈበት የግድግዳ ቁራጭ ከነጭቃው። በ2016 ዓ.ም. ፒያሳና ዶሮ ማነቂያ፣ በ2017 መጀመሪያ ደግሞ ካዛንቺስ ሲፈርሱ በየፍርስራሹ ዳር ይውል ነበር። መልካሙን በርና መስኮት ነጋዴዎች ይቀድሙታል፤ እሱ የሚያነሣው ማንም የማይፈልገውን ነው፤ የቤት ቁጥር የተጻፈበትን ቆርቆሮ፣ የደወል ቁልፍ፣ የልጆች ቁመት በእርሳስ የተለካበትን የበር መቃን። በዚያ መቃን ላይ አራት የልጅ ስሞች ከነዓመተ ምሕረታቸው አሉ። «ይህን አላስረጅም፤ ይህን እንዳለ ነው የማቆመው» ይላል። እስካሁን የሚስማማው ፊልም አልመጣም።

አሁን የቆርቆሮው ቤት ባለቤት ቦታውን ሊያለሙ ስለሆነ ልቀቅ ብለውታል። የሚያስቀምጥበት ሌላ ስፍራ በኪራይ አይቀመስም። ባለፈው ቅዳሜ አብሬው ዕቃ ስንለይ «ቆራሌው!» የሚለው ጥሪ ከውጭ ተሰማ። ቆራሌውና ወዳጄ ዕድሜ ልካቸውን በአንድ ዕቃ ላይ የተሻሙ ሰዎች ናቸው፤ አንዱ በኪሎ ይመዝነዋል፣ ሌላው በዘመን። ወዳጄ በሩ ላይ ቆሞ ጥሪው እስኪርቅ ዝም ብሎ አዳመጠ። ሁለት የብረት አልጋዎችን ለይቶ ወደ ደጅ አወጣ፤ የመቃኑን እንጨት በጨርቅ ጠቅልሎ ወደ እኔ ገፋው። አሁን በቤቴ፣ ከመጽሐፍ መደርደሪያው ጀርባ ቆሟል። ባለቤቴ ምንነቱን ስትጠይቀኝ «ውሰት ነው» አልኋት።

ውድ አንባቢያን፣ ከመካከላችሁ ቤቱን ሊለቅ ዕቃ የሚለይ ሰው ካለ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ሁሉን አስቀምጡ አልልም፤ የሚበቃ ቤት ማን አለው? ብቻ ለቆራሌው ከመስጠታችሁ በፊት ያንን ፋኖስ፣ ያንን ሰንዱቅ ባለበት ቦታ እንዳለ ፎቶ አንሡት፤ የት ይቀመጥ እንደነበር፣ ማን ይነካው እንደነበር፣ የተሰበረውን ማን በምን እንዳሰረው በአንድ መሥመር ጻፉ። አንድ ቀን በርችሁን የሚያንኳኳ፣ ቀለም የነካው እጅ ያለው ሰው ይመጣል፤ የሚጠይቃችሁም ይህንኑ ነው።